ብሬዲዎች ዋጃ ሲደርሱ

ፊልሙ ሲከፈት ሎስ አንጀለስ እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ ናት። መንገዱ በመኪና ተጨናንቋል፤ ሁሉም ይቸኩላል፣ ሁሉም ተቆጥቷል። በዚህ ግርግር መሃል አንድ ቤት አለ። ከቤቱ የሚወጡት ስድስት ልጆች ቤልቦተም ለብሰዋል፤ የአባታቸው ሸሚዝ ኮሌታ ወደ ትከሻው ተዘርግቷል፤ እናታቸው ከፈገግታ በቀር ሌላ ፊት ያላት አትመስልም። ጎረቤት ቢያሽሟጥጣቸው አይገባቸውም፤ የተመረቁ ያህል ያመሰግናሉ። ከተማው ሃያ ዓመት ተጉዟል፤ እነሱ ግን በነበሩበት ናቸው።

ይህን ፊልም፣ «ዘ ብሬዲ በንች ሙቪ»ን፣ ያየሁት ዋጃ ነው፤ ጥር ላይ፣ የአንዲት የዘመድ ልጅ የሰርጓ መልስ በተበላ ማግስት። ዋጃ ከቆቦ ወደ አላማጣ በሚወስደው አስፋልት ላይ ያለች ቆላማ ከተማ ናት። በምሥራቅ የዞብል ተራሮች፣ በምዕራብ ወደ ደጋው የሚያወጣው ዳገት፣ መሃል ላይ ዓይን እስኪደክም የተዘረጋው የራያ ሜዳ። በዚያ ወር ማሽላው ተሰብስቦ አገዳው በየግቢው ተከምሯል። ቤቱ ውስጥ ከሰርጉ የተረፈ እንግዳ ሞልቶ ነበር። ልጆቹ ከፍላሽ ላይ ፊልም ሲመርጡ እጃቸው የገባው ይህ ሆነ፤ እንግሊዝኛውን እየሰማሁ ለእናቶች የማወራው እኔ ሆንኩ።

ፊልሙ የተሠራው በዚህ ቤተሰብ እንዲሳቅ ነው። የዋጃው ሳሎን ግን በመጀመሪያው ግማሽ ሰዓት በቤተሰቡ አልሳቀም። የሳቀው በጎረቤቶቹ ነበር፤ ሁልጊዜ በሚጮኸው ነጋዴ፣ መጠጥ ከእጇ በማይለየው ሚስቱ። ስድስቱ ልጆች ከእናት አባታቸው ጋር ገበታ ሲቀርቡ አንዲት እናት ወደ እኔ ዞረው፣ «ልጄ፣ የቱ ጋ ነው የሚሳቀው? አብረው በሉ፣ አባታቸውን ሰሙ። ደግ ቤት ነው» አሉኝ።

ይህ አስተያየት ከብዙ የፊልም ሐያሲ የበለጠ ወደ ነገሩ ሥር ይወስዳል። ወደዚያ ለመግባት ግን ቤተሰቡ ከየት እንደመጣ ማወቅ ያስፈልጋል።

የቤተሰቡ ፈጣሪ ሸርዉድ ሽዋርትዝ የተባለ የቴሌቪዥን ጸሐፊ ነው። እ.ኤ.አ. በ1966 ሎስ አንጀለስ ታይምስ ጋዜጣ ላይ አንዲት አጭር ዜና ያነባል፤ ከአሜሪካ ጋብቻዎች 30 በመቶ በሚያህሉት ከተጋቢዎቹ ቢያንስ አንዱ ከቀድሞ ትዳሩ የወለደውን ልጅ ይዞ ይገባል የምትል። ሽዋርትዝ ያን ጊዜ ማንም ያልነገረው የቤተሰብ ታሪክ እዚያ ውስጥ ታየው። ሚስቱ የሞተችበት፣ ሦስት ወንዶች ልጆች ያሉት አርክቴክት፤ ሦስት ሴቶች ልጆች ያሏት እናት፤ አንዲት የቤት ሠራተኛ፤ አንድ ጣሪያ። የቴሌቪዥን ጣቢያዎቹ አመነቱ። በ1968 ሉሲል ቦልና ሄንሪ ፎንዳ የተወኑበት፣ በተመሳሳይ ነገር ላይ የተሠራ ፊልም ገበያ ሲያገኝ ግን ኤቢሲ የተባለው ጣቢያ ፈቀደ። ተከታታይ ድራማው «ዘ ብሬዲ በንች» መስከረም 1962 ዓ.ም. ተጀምሮ 117 ክፍል ዘለቀ።

ሽዋርትዝ እናትየዋን ካሮልን ባሏን የፈታች ሴት ሊያደርጋት ፈልጎ ነበር። ጣቢያው የተፈታች እናት በምሽት መርሃ ግብር ላይ ማሳየት አልወደደም። መጨረሻ ላይ ነገሩ በዝምታ ታለፈ፤ የካሮል የፊት ባል ይሙት ይኑር በአምስቱም ዓመት አንድ ቃል አልተነገረም።

ዋጃ ላይ ግን ጥያቄው ወዲያው መጣ። የሦስቱ ሴቶች ልጆች አባት ሌላ ነው ስላቸው፣ «ታዲያ እሱ የት ደረሰ?» አሉ። ሞቷል ወይስ ተፋተዋል? ልጆቹን ይጠይቃል? ንብረቱን እንዴት ተካፈሉ? በአማራ ገጠር ፈትቶ ማግባት የሚደበቅ ነገር አይደለም፤ ከጥንትም ንብረት በሽማግሌ ፊት የሚከፈልበት፣ ልጅ ወደ ማን እንደሚሄድ የሚወሰንበት ሥርዓት አለው። በዚያ ሳሎን ውስጥ ራሱ ከሁለት አባት የተወለዱ እህትማማቾች ጎን ለጎን ተቀምጠው ነበር። የአሜሪካ ቴሌቪዥን አምስት ዓመት ያፈረበትን ነገር እናቶቹ ቡና እየጠጡ አንስተው ጣሉት።

የድራማው የመጨረሻ ክፍል የተላለፈው እ.ኤ.አ. ማርች 8 ቀን 1974 ነው፤ በእኛ የካቲት 29 ቀን 1966። ቀኑን ቆም ብዬ አየሁት። የጠቅላይ ሚኒስትር አክሊሉ ሀብተወልድ ካቢኔ ከወረደ ገና ሁለተኛው ሳምንት ነው፤ የሠራተኛ ማኅበራት ጠቅላላ የሥራ ማቆም አድማ ላይ ናቸው። በዚህ በራያ ቆላ ደግሞ ሕዝቡ ረሀብ ያደቀቀው ነበር። ብሬዲዎች በየሳምንቱ አርብ ማታ ለገበታ በሚሰየሙባቸው በእነዚያ የመጨረሻ ወራት ወሎ ውስጥ ሰው በመንገድ ዳር እየወደቀ ይሞት ነበር። ጆናታን ዲምብልቢ የተባለው እንግሊዛዊ ጋዜጠኛ ረሀቡን ቀርጾ በጥቅምት 1966 ለብሪታንያ ተመልካች አሳየ። ከአንድ ዓመት ገደማ በኋላ፣ ንጉሡ ከዙፋን በወረዱበት ዋዜማ፣ የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ያንኑ ፊልም ከቤተ መንግሥት ድግስ ሥዕሎች ጋር አጣምሮ አቀረበው። ከአሥር ዓመት በኋላም፣ ጥቅምት 13 ቀን 1977፣ የቢቢሲው ማይክል ቡርክና የካሜራ ባለሙያው መሐመድ አሚን ከኮረም የላኩት ዘገባ ዓለምን አዳረሰ። ኮረም ከአላማጣ ዳገቱን ሲወጡ የሚገኝ ነው፤ የዋጃ ጎረቤት።

ይህ አካባቢ ቴሌቪዥን ከማየቱ በፊት በቴሌቪዥን ታየ። የታየውም ሲሞት ነው። ገበታ ላይ ተቀምጦ፣ ልጁን ሲመክር፣ ከሚስቱ ጋር ሲከራከር፣ ጎረቤቱን ሲያማ አልታየም። ስለ አንድ የአሜሪካ ኮሜዲ እያወራሁ ይህን የማነሳው ነገሩ ስለሚገናኝ ነው። በአንድ ቤተሰብ ላይ በፍቅር ለመቀለድ በመጀመሪያ ያ ቤተሰብ ከነተራ ኑሮው መታወቅ አለበት። ብሬዲዎች ታውቀዋል። የራያ ቤተሰብ ገና ነው።

እንዴት እንደታወቁ ማየት ይጠቅማል። ተከታታይ ድራማው በወጣበት ዘመን ከታዋቂዎቹ ተርታ አልነበረም። ያነሳው ድግግሞሽ ነው። ከቆመ በኋላ የየአካባቢው ጣቢያዎች ገዝተው ከሰዓት በኋላ፣ ልጆች ከትምህርት ቤት በሚመለሱበት ሰዓት፣ በየቀኑ ያሳዩት ጀመር። አንድ ትውልድ እያንዳንዱን ክፍል ደጋግሞ አይቶ በቃሉ ያዘው። ልጆቹ ሲያድጉ ደግሞ በልጅነታቸው ያላስተዋሉትን አዩ። የጓሮው ሳር ሰው ሠራሽ ነው። ስድስት ልጆች የሚጋሩት መታጠቢያ ቤት ውስጥ ሽንት ቤት ታይቶ አያውቅም። ማንኛውም ችግር በግማሽ ሰዓት ውስጥ፣ አባት ሶፋው ላይ ቁጭ ብሎ ሲመክር ያልቃል።

እ.ኤ.አ. በ1990 ጂልና ፌት ሶሎዌይ የተባሉ እህትማማቾች ቺካጎ ውስጥ፣ አኖያንስ በተባለ ትንሽ ቲያትር ቤት፣ የድሮዎቹን ክፍሎች ቃል በቃል መድረክ ላይ አቀረቡ። አንዲት ቃል አልጨመሩም፣ አልቀነሱም። ኋላ ስሟ የገነነው ጄን ሊንች እናትየዋን፣ አንዲ ሪክተር አባትየውን ሆነው ተወኑ። ተመልካቹ በሳቅ ወደቀ። ያው ቃል፣ ያው ምክር፣ ያው ፈገግታ፣ ግን በሌላ ዘመን ሰው አፍ። ቀልዱን የሠራው በመካከሉ ያለፈው ጊዜ ብቻ ነበር።

የ1995ቱ ፊልም፣ «ዘ ብሬዲ በንች ሙቪ»፣ በእኛ የካቲት 10 ቀን 1987 ለሕዝብ የቀረበው፣ ከዚያ ይጀምርና አንድ እርምጃ ይጨምራል። ዳይሬክተሯ ቤቲ ቶማስ ራሷ ኮሜዲ ተዋናይ ስለነበረች የቀልድን ልክ ታውቃለች። ቤተሰቡን አልነካችም፤ ዓለሙን ቀየረችባቸው። ታሪኩ ቀላል ነው። ብሬዲዎች 20,000 ዶላር የቤት ግብር ውዝፍ አለባቸው፤ ካልከፈሉ ቤቱ ይሸጣል። ጎረቤቱ ዲትማየር የሰፈሩን ቤቶች ሁሉ ጠቅልሎ የገበያ ማዕከል ሊሠራበት ይፈልጋል። ልጆቹ የተሰጥኦ ውድድር ገብተው ገንዘቡን ለማግኘት ይነሳሉ። ይኸው ነው።

የፊልሙ ሀብት ያለው ትወናው ላይ ነው። ጋሪ ኮል አባትየውን ማይክን ሲጫወት የቀድሞውን ተዋናይ የሮበርት ሪድን ድምፅ፣ አተነፋፈስና የአንገት አያያዝ ወስዶ በጥቂቱ ብቻ አሳድጎታል። ማይክ ሲመክር ዓረፍተ ነገሩ ዞሮ ዞሮ ከተነሳበት ይደርሳል፤ ልጆቹ ግን ትልቅ ነገር እንደተገለጠላቸው ራሳቸውን ይነቀንቃሉ። አርክቴክት ነውና ንድፍ ይሠራል፤ የነዳጅ ማደያም ይሁን ምግብ ቤት፣ የሚሠራው ሁሉ የራሱን ቤት ይመስላል። ይህ ቀልድ በጣም ይገባኛል፤ ሰውየው ከቤቱ በቀር ሌላ ዓለም አያውቅም፣ ስለዚህ ዓለሙን ሁሉ ቤቱ ያደርገዋል። ጄኒፈር ኤሊስ ኮክስ የመካከለኛዋን ልጅ የጃንን ቅናት እስከ እብደት ጫፍ ወስዳዋለች፤ በጭንቅላቷ ውስጥ የሚያናግሯት ድምፆች አሏት። ዋጃ ላይ ከፍ ያለው ሳቅ የወጣው እዚህ ጋ ነው። በታላቅና በታናሽ መካከል መወለድ ምን እንደሆነ ለማወቅ እንግሊዝኛ አያስፈልግም።

ሪድ ፊልሙን አላየውም፤ እ.ኤ.አ. በ1992 ሞቷል። ለንደን ውስጥ ትወና የተማረ፣ ሼክስፒርን የሚወድ ሰው ነበር፤ በየጊዜው ስለ ድርሰቱ ድክመት ለአዘጋጆቹ ረጃጅም ደብዳቤ ይጽፍ ነበር። የመጨረሻውን ክፍል ስላልወደደው ሳይሠራበት ቀረ። ኮል የቀዳው ያንን ክብር ነው፤ በማይረባ ቃል ፊት ቀጥ ብሎ የቆመን ሰው ክብር። ስለዚህ ሳቁ ሪድን አያዋርደውም።

የመካሪ አባት ነገር ለእኛ ሩቅ አይደለም። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ባልን የቤተሰቡ አስተዳዳሪ አድርጎ ነበር። የፌዴራሉ የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ በ1992 ሲወጣ ባልና ሚስትን እኩል አደረገ፤ የአማራ ክልልም የራሱን ሕግ በ1995 አወጣ። ሕጉ ተለወጠ፤ የስክሪኑ አባት ግን ብዙ ቆየ። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ጥቅምት 23 ቀን 1957 ሥራ ከጀመረበት ጊዜ አንስቶ ለአሥርት ዓመታት በአንድ ጣቢያ አንድ አገር ሆነን አይተናል። አባባ ተስፋዬ፣ ተስፋዬ ሳህሉ፣ ልጆችን የዛሬ አበባዎች የነገ ፍሬዎች እያሉ ሲያነጋግሩ በየቤቱ ያለ ልጅ የእሳቸው የልጅ ልጅ ነበር። ከ1994 እስከ 1997 በሬዲዮ የተላለፈው «የቀን ቅኝት» 257 ክፍል ሙሉ ስለ ጋብቻ፣ ስለ ቤተሰብ ምጣኔ፣ ስለ ኤች አይ ቪ ያስተማረ ድራማ ነው። ተመካሪ ሆነን ነው ያደግነው። በ2008 ቃና ቴሌቪዥን ሲመጣ ደግሞ የቱርክና የኮሪያ ቤተሰቦች በአማርኛ ድምፅ ሳሎናችን ገቡ።

ስለዚህ የሚቀለድበት ነገር አላጣንም። ልመንህ ታደሰና አለባቸው ተካ፣ ደረጀ ኃይሌና ሀብቴ ምትኩ በሁለት ሰው ጨዋታ አገር ያሳቁ ናቸው። የጥላሁን ጉግሳ «ቤቶች» የቤተሰብን ኑሮ በሳቅ ያየ ረጅም ድራማ ነው። በፋና ቴሌቪዥን የቀረበው «ምን ልታዘዝ» ደግሞ አንዲት ካፌን አገር አድርጎ የፖለቲካውን ገመና በድፍረት ያሳየ ሥራ ነበር፤ እኔ በዚህ ዘመን ከታዩት ኮሜዲዎች ሁሉ አስበልጬዋለሁ።

ግን የአማርኛ ኮሜዲ አንድ የቆየ ልማድ አለው፤ ደጋግሞ ያመኛል። ከገጠር የመጣውን ሰው ያስቅበታል። ዱላውን በትከሻው አጋድሞ፣ አነጋገሩን ጎትቶ፣ አስፋልት ሲሻገር ግራ ገብቶት፣ ፎቅ ላይ አንጋጦ ይታያል። ሚናው ይኸው ነው፤ ፊልሙ ሲያልቅ ወይ ተታሏል ወይ እንደ ከተሜው ሆኗል። የወሎና የራያ አነጋገር በዚህ መድረክ ላይ ስንት ጊዜ ለሳቅ ብቻ ወጥቷል። ዋጃ ላይ ከእኛ ጋር ያየ፣ ዩኒቨርሲቲ የጨረሰ ወጣት ይህን በአንድ ቃል ተናገረው፦ «አዲስ አበባ ስንወርድ እንዲህ ነው የሚያዩን። ልዩነቱ እነዚህ አልተሸነፉም።»

አልተሸነፉም። የፊልሙ ቁም ነገር እዚህ ላይ ነው። ብሬዲዎች የሚያስቁት ከዘመኑ ጋር ስላልሄዱ ነው፤ ግን ፊልሙ ወደ ዘመኑ አያስገባቸውም። ልብሳቸውን አይቀይሩም፣ አያፍሩም፣ ብልጥ አይሆኑም። ልጆቹ መድረክ ላይ በዚያው በድሮ ዘፈናቸው ያሸንፋሉ፤ ከዳኞቹ መካከል ሦስቱ እ.ኤ.አ. የ1960ዎቹ የመንኪስ ባንድ አባላት ናቸውና ያ ሙዚቃ ይገባቸዋል። መጨረሻ ላይ ቤታቸውን ሊሸጡ የተስማሙ ጎረቤቶች ደጅ ላይ በተሰበሰቡበት ማይክ ይናገራል። ንግግሩ ያው የተለመደው፣ ዞሮ የሚመጣው ምክር ነው። ጎረቤቶቹ ግን ይሰሙታል፤ ሽያጩም ይቀራል።

በዚህ ትዕይንት ላይ የዋጃው ቤት አባወራ፣ እስከዚያ ድረስ ዝም ብለው ያዩ፣ «ሽማግሌ ነው ሰውየው» አሉ። በራያ ቆቦ ደም የተቃቡ ወገኖች በዘወልድ ሽማግሌዎች ፊት ይታረቃሉ። ሽማግሌ ሲናገር የሚደመጠው ቃሉ አዲስ ስለሆነ አይደለም፤ ሁሉም ከልጅነቱ ሰምቶታል። የሚደመጠው ተናጋሪው ራሱ ስለሚኖርበት ነው። ጋሪ ኮልና ቤቲ ቶማስ ይህን በሌላ መንገድ ደርሰውበታል፤ ማይክን ሞኝ አድርገው ሠሩት፣ ውሸታም ግን አላደረጉትም።

ይህ ሚዛን በአጋጣሚ የመጣ አይመስለኝም። ሸርዉድ ሽዋርትዝ ከልጁ ከሎይድ ጋር ከፕሮዲዩሰሮቹ አንዱ ነበር፤ በፈጠረው ቤተሰብ ላይ ሲቀለድ ራሱ ገብቶ ፈቅዷል። ድሮ ሠራተኛዋን አሊስን የተጫወተችው አን ቢ. ዴቪስ በከባድ መኪና ሾፌርነት ብቅ ትላለች፤ እናት የነበረችው ፍሎረንስ ሄንደርሰን አያት ሆና ትመጣለች። ቀልዱ የተሠራው በባለቤቶቹ ፊት ነው። 12 ሚሊዮን ዶላር ገደማ የወጣበት ፊልም አሜሪካ ውስጥ ብቻ ከ46 ሚሊዮን በላይ አስገባ፤ በዓመቱ ሁለተኛው ክፍል ተከተለ። ሁለተኛው የመጀመሪያውን ያህል አልያዘኝም። እ.ኤ.አ. በ2018 ደግሞ አንድ የቴሌቪዥን ጣቢያ ከውጭ ሲቀረጽ የነበረውን ቤት በ3.5 ሚሊዮን ዶላር ገዝቶ፣ ስቱዲዮ ውስጥ ብቻ የነበረውን ሳሎንና ደረጃ በእውነተኛ ግንብ ሠራው። ስድስቱም ልጆች፣ አሁን ጎልማሶች፣ በእድሳቱ ተሳትፈዋል።

ፊልሙ ሲያልቅ ወጣቶቹ የራሳቸውን መሥራት ጀመሩ። የራያ ቤተሰብ ቢሆንስ? አባትየው ማን ይሁን? አንዱ ቤተሰቡ አዲስ አበባ ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ላይ ይግባና የማሽላ አገዳ በረንዳ ላይ ይከምር አለ። ሌላዋ ተቃወመች፤ እንደገና ከተማ ወስዳችሁ ልታሳቁብን ነው፣ እዚሁ ይሁን፣ ከተማው ወደ እኛ ይምጣ አለች። ክርክሩ ረዘመ። እኔ ከእሷ ጋር ነኝ፤ ምክንያቱንም ልጽፈው እወዳለሁ።

ቀልዱ ሁለተኛ ይምጣ። መጀመሪያ ድራማው ይሠራ፤ ዋጃ ላይ፣ በዚህ አነጋገር፣ አማርኛው ከትግርኛና ከኦሮምኛ ጋር እንደተዋሰ። ከሁለት ትዳር የመጡ ልጆች በአንድ ግቢ። በአንዱ ክፍል ማሽላ ላይ ወፍ የሚጠብቅ ልጅ ከማማው ወርዶ ኳስ ሊጫወት ይጠፋል። በአንዱ ክፍል ሰርግ ይደገስና ድንኳኑ ያንሳል። በሌላው ጎርፍ መስኖውን ይደፍናል፤ ጎረቤቶች ውኃ በተራ ለመከፋፈል ይጣላሉ፤ አባወራው ይመክራል፣ ሚስቱ ታርመዋለች። ከ2013 እስከ 2015 የሰሜኑ ጦርነት በዚህ መንገድ ሲመላለስ መብራትና ስልክ ጠፍቶ የከረመበት ጊዜም አንድ ክፍል ይገባዋል፤ ያን ጊዜ ቤተሰቡ ማታ ማታ ምን እያወራ እንዳመሸ የሚያሳይ። ረሀብ ካለም እነሱ በሚያስታውሱት መንገድ፣ በራሳቸው አፍ ይነገር። የአማራ ቴሌቪዥን ይሁን የግል ጣቢያ፣ ከአዲስ አበባ ተዋናይ አምጥቶ አነጋገር ከማስጠናት የቆቦንና የዋጃን ወጣቶች ቢያሠለጥን ይቀለዋል። ያቺ የተቃወመችው ልጅ የመጀመሪያውን ክፍል በዚያው ሌሊት በስልኳ ላይ መጻፍ ጀምራ ነበር፤ አያቷን አጠገቧ አስቀምጣ፣ የፊት ባላቸው የት እንደደረሰ እየጠየቀች።